ፋብሪካው ተዘግቶ ባንክ ሊሸጠው ነው፤ የእኛ ደመወዝስ?

በዚህ ወር ከደረሱን ደብዳቤዎች አብዛኞቹ የመጡት ከከተማው ዳር ነው። ከገላን፣ ከቃሊቲ፣ ከሰበታ፣ ከፉሪ። ጉዳያቸው ይመሳሰላል፤ ድርጅቱ ይዘጋል፣ አበዳሪው ባንክ መያዣውን ሊሸጥ ይመጣል፣ ሠራተኛው ያልተከፈለ ደመወዙን ይዞ በር ላይ ይቀራል። ስለዚህ የዛሬውን ዓምድ በሙሉ ለዚሁ ሰጥተነዋል።

ጥያቄ፦ ጤና ይስጥልኝ ጋሼ። ገላን አካባቢ ባለ የልብስ ፋብሪካ በስፌት ማሽን ኦፕሬተርነት 4 ዓመት ሠርቻለሁ። ኢትዮጵያ ከአጎዋ፣ ማለትም ዕቃ ወደ አሜሪካ ከቀረጥ ነፃ ከሚላክበት ዕድል፣ ከወጣች ወዲህ ትእዛዝ እየሳሳ መጣ፣ በኋላ ደግሞ ዶላር ሲወደድ ጨርቁም ክሩም ከአቅም በላይ ሆነ ተባልን። የ3 ወር ደመወዝ ሳይከፍሉን ባለፈው ወር ፋብሪካውን ዘጉት። የወር ደመወዜ 4,500 ብር ነው። አሁን በሩ ላይ ባንኩ ሕንፃውንና ማሽኖቹን በሐራጅ እንደሚሸጥ የሚገልጽ ማስታወቂያ ተለጥፏል። የሰው ኃይል ኃላፊው ስልክ አያነሳም። ሰዉ ሁሉ «ባንክ ከወሰደ በኋላ ለእናንተ የሚተርፍ ነገር የለም፣ አትድከሙ» ይለናል። እውነት ነው? (ከገላን)

መልስ፦ እህቴ፣ እውነት የሚሆነው እናንተ እጃችሁን አጣጥፋችሁ ከተቀመጣችሁ ነው። ሕጉ እንዲህ አይልም።

የአሠሪና ሠራተኛ ጉዳይ አዋጅ ቁጥር 1156/2011 ከሥራ ግንኙነት የመነጨ የሠራተኛ ክፍያ ከሌሎች ክፍያዎችና ዕዳዎች እንደሚቀድም በግልጽ ይናገራል። ልብ በይ፣ ደመወዝ ብቻ አላለም። የሥራ ስንብት ክፍያውም፣ ያልወሰድሽው የዓመት ፈቃድም፣ የትርፍ ሰዓቱም ከሥራ ግንኙነት የመነጩ ናቸው። የገንዘብ ጣሪያም አላበጀለትም። ይህ ትልቅ ነገር ነው፣ ምክንያቱም ብዙ አገር እንዲህ ለጋስ አይደለም። በእንግሊዝ ድርጅት ሲፈርስ ቅድሚያ የሚያገኘው ያለፉት 4 ወራት ደመወዝ ነው፣ እሱም ለአንድ ሰው እስከ 800 ፓውንድ ድረስ ብቻ። በሕንድ በ2016 እንደ ፈረንጆች አቆጣጠር የወጣው የኪሳራ ሕግ ደግሞ የ24 ወር የሠራተኛ ክፍያን መያዣውን ለጋራ ማከፋፈያ ከለቀቀው አበዳሪ ጋር እኩል ያሰልፈዋል፤ ከፊቱ አያስቀድመውም። የእኛ አዋጅ ግን «ይቀድማል» ብሎ ነው የቆመው።

ታዲያ ሰዉ ለምን ተስፋ ያስቆርጣችኋል? ባንኩም በእጁ ሕግ ስላለው ነው። በ1952 የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግ የማይንቀሳቀስ ንብረት በመያዣ የያዘ አበዳሪ ንብረቱ ሲሸጥ ከሌሎች ባለገንዘቦች ቀድሞ ይከፈለዋል ይላል። አዋጅ ቁጥር 97/1990 ደግሞ ባንክ ለተበዳሪው የ30 ቀን ማስጠንቀቂያ ሰጥቶ፣ ፍርድ ቤት ሳይሄድ፣ መያዣውን ራሱ በሐራጅ እንዲሸጥ ፈቅዶለታል። እንግዲህ ሁለት ሕጎች ሁለቱም «እኔ እቀድማለሁ» ይላሉ ማለት ነው። የባንክ ጠበቆች መያዣ ንብረቱ ላይ የተጣበቀ መብት ነው፣ የሠራተኛ ቅድሚያ የሚሠራው ከመያዣ ነፃ በሆነው ንብረት ላይ ነው ብለው ይከራከራሉ። የሠራተኛ ጠበቆች ደግሞ የአሠሪና ሠራተኛው አዋጅ ኋላ የወጣ ነው፣ «ሌሎች ዕዳዎች» ሲልም የባንክ ዕዳን ነጥሎ አላወጣም ይላሉ። እኔ ከሁለተኞቹ ጋር ነኝ። ሕግ አውጪው የባንክ መያዣ የሚባል ነገር መኖሩን እያወቀ፣ ካሻው «ከመያዣ በስተቀር» ብሎ መጻፍ እየቻለ፣ አልጻፈም።

ነገር ግን በተግባር የሚወስነው ክርክሩ ብቻ አይደለም፣ ጊዜም ነው። ባንኩ ሸጦ፣ ገንዘቡን ከብድሩ ላይ አቀናንሶ ከጨረሰ በኋላ የሚመጣ ሠራተኛ የያዘው መብት ነው እንጂ ገንዘብ የለም፤ ያኔ ማስመለስ ሌላ ረጅም ክስ ነው። ገንዘቡ ሳይከፋፈል የደረሰ ሠራተኛ ግን ይደመጣል።

ስለዚህ መጀመሪያ ያንን በሩ ላይ ያለውን ማስታወቂያ በስልክሽ ፎቶ አንሺው። እንዲህ ያለ ማስታወቂያ አብዛኛውን ጊዜ በጋዜጣም ይወጣል፣ በአዲስ ዘመን ወይም በሪፖርተር። ሠንጠረዡን ረጋ ብለሽ አንብቢው። የተበዳሪው ስም አለ፣ የንብረት አስያዡ ስም አለ፣ የካርታ ቁጥርና የቦታ ስፋት አለ፣ የሐራጅ መነሻ ዋጋ አለ፣ ሐራጁ የሚካሄድበት ቀንና ሰዓት አለ። ተበዳሪውና አስያዡ አንድ ስም ናቸው ወይስ ሕንፃው የባለቤቱ የግል ነው? ይህ ለውጥ ያመጣል፣ ምክንያቱም የእናንተ ቅድሚያ በአሠሪያችሁ ንብረት ላይ ነው እንጂ በሌላ ሰው ንብረት ላይ አይደለም። ከዚያ ደግሞ ማስታወቂያው ላይ ያልተጻፈውን አስቡ። መጋዘን ውስጥ የቀረ ያለቀለት ልብስ፣ ሰርቪስ መኪና፣ ጄኔሬተር፣ ገዢው ገና ያልከፈለው ሂሳብ፣ ከመንግሥት የሚመለስ ተጨማሪ እሴት ታክስ። ብዙ ጊዜ ሠራተኛው ዓይኑን ሕንፃው ላይ ተክሎ እነዚህ በሌሊት ተጭነው ይወጣሉ። ከመያዣ ነፃ የሆነ ንብረት ላይ ከባንክ ጋር የሚያከራክር ነገር የለም፤ ከክሱ ጋር አብራችሁ ንብረቱ እንዳይሸሽ ከፍርድ በፊት ታግዶ እንዲቆይ ጠይቁ።

ማሽኖቹ ደግሞ ተንቀሳቃሽ ንብረት ስለሆኑ በ1147/2011 አዋጅ መሠረት መያዣነታቸው በብሔራዊ ባንክ ሥር ባለው የተንቀሳቃሽ ንብረት መያዣ መዝገብ ውስጥ መመዝገብ ይጠበቅበታል። መዝገቡ ለፍለጋ ክፍት ነው። የትኛው ማሽን ተይዟል፣ የትኛው አልተያዘም የሚለውን ጠበቃችሁ እንዲያይ አድርጉ።

ክሱ የት? ይህችን አትዝለያት። ፋብሪካው ያለበት ቦታ በሸገር ከተማ ሥር ከሆነ ጉዳዩ የኦሮሚያ ፍርድ ቤት ነው፣ ክሱም የሚጻፈው በአፋን ኦሮሞ ነው። በአዲስ አበባ ሥር ከሆነ ደግሞ የፌዴራል መጀመሪያ ደረጃ ፍርድ ቤት የሥራ ክርክር ችሎት ነው። እናንተ ጋ አንዱ መንገድ ከዚህ፣ ሌላው ከዚያ ሊሆን ስለሚችል ሳትጠይቁ ከሄዳችሁ «ሥልጣን የለንም» ተብላችሁ ትመለሳላችሁ፤ ያ ደግሞ ቀን ይበላል። ሠራተኛ ለሚያቀርበው የሥራ ክስ የዳኝነት ክፍያ አይከፍልም። ችሎቱም በ60 ቀን ውስጥ እንዲወስን ሕጉ ያዛል።

ቀን ያልኩሽ ለዋዛ አይደለም። ያልተከፈለ ደመወዝ መከፈል ከነበረበት ቀን ጀምሮ በ6 ወር ውስጥ ካልተጠየቀ በይርጋ ይታገዳል፤ ማለትም ጊዜው ስላለፈበት በክስ መጠየቅ አይቻልም። ይህ በየወሩ ተለይቶ ነው የሚቆጠረው፤ የመጀመሪያው ወር ደመወዝሽ ከሦስተኛው ቀድሞ ይሞታል። ከሥራ መቋረጥ ጋር የሚመጣው ክፍያም እንዲሁ ከተቋረጠበት ቀን 6 ወር ነው ያለው። ድርጅቱ ዕዳውን አምኖ በጽሑፍ ከሰጣችሁ ይርጋው ይቋረጣል፤ ስለዚህ ሂሳብ ክፍሏንም ሆነ ሥራ አስኪያጁን ካገኛችሁ ማኅተም ያረፈበት የዕዳ ደብዳቤ ጠይቁ። «ቆዩ፣ ገዢ እየመጣ ነው» የሚል የቃል ተስፋ ግን ይርጋ አያቆምም። በዚህ ተስፋ ስንት ሰው ጊዜው አልፎበታል፤ እናንተ አትጨመሩበት።

ስንት ነው የምትጠይቂው? ለስሌት እንዲቀል ወሩን በ30 ከፍለን የቀን ደመወዝሽን 150 ብር እንበል። ያልተከፈለው 3 ወር 13,500 ብር ነው። ድርጅቱ በኪሳራም ሆነ በሌላ ምክንያት ለዘለቄታው ሲዘጋ የሥራ ስንብት ክፍያ አለ፤ ለመጀመሪያው ዓመት የ30 ቀን፣ ማለትም 4,500፣ ለቀሩት 3 ዓመታት ለእያንዳንዱ የዚህ ሲሶ፣ ማለትም 1,500፣ ተደምሮ 9,000 ብር። (ስንብቱ ከ12 ወር ደመወዝ አይበልጥም፣ ይህ ለአንቺ ገና ነው።) በመዘጋቱ ምክንያት ሥራ ሲቋረጥ ደግሞ በዚህ ላይ የ60 ቀን ደመወዝ ይጨመራል፣ ሌላ 9,000። ድምሩ 31,500 ብር፣ ያልወሰድሽው ፈቃድ ሳይቆጠር። ክፍያው ሥራ በተቋረጠ በ7 የሥራ ቀን ውስጥ መፈጸም ነበረበት፤ ለመዘግየቱ ፍርድ ቤቱ እስከ 3 ወር ደመወዝ ሊጨምርልሽ ይችላል። አየሽ፣ 13,500 ብቻ ብለሽ ብትከሺ ከግማሽ በላዩን ትተሽ ነበር የምትወጪው።

ማስረጃ የለንም አትበሉ። ደመወዝ የሚገባበት የባንክ ስቴትመንት፣ ባጅ፣ የቅጥር ደብዳቤ፣ ካልሆነም አብረውሽ የሠሩ ሰዎች ምስክርነት ይበቃል። ስትሄዱ በቡድን ሂዱ። የሠራተኛ ማኅበር ካላችሁ በፌዴሬሽኑ በኩል የኢትዮጵያ ሠራተኛ ማኅበራት ኮንፌዴሬሽንን (ኢሠማኮን) አማክሩ፣ ከሌላችሁም ከመካከላችሁ ወኪል መርጣችሁ አንድ ክስ መመሥረት ትችላላችሁ። ክሱ እንደተከፈተ ለባንኩም ደብዳቤ ጻፉ፤ ይህን ያህል የሠራተኛ ክፍያ አለ፣ ቅድሚያ አለን፣ ከሽያጩ ገንዘብ ላይ ይያዝልን በሉ። ኮፒው ላይ የመዝገብ ቤታቸውን ማኅተም አስመቱ። ፍርድ ቤቱንም ያንኑ ገንዘብ አስይዞ እንዲያቆይ ጠይቁ። ድርጅቱ በፍርድ ቤት ከሳሪ ተብሎ ንብረቱን ሰብስቦ ዕዳውን የሚከፍል አጣሪ ከተሾመለት ደግሞ አጣሪው ጋ ተመዝገቡ። ሕጉ አጣሪው የሠራተኞችን ክፍያ ውሳኔ በተሰጠ በ30 ቀን ውስጥ እንዲከፍል ያስገድደዋል፤ ገንዘብ ከሌለም እንደተገኘ ወዲያው።

ጥያቄ፦ ባለፈው ወር እዚሁ ዓምድ ላይ «ሠራተኛ ከባንክ ይቀድማል» ብለው ጽፈው አንብቤአለሁ። እኔ ብድር ክፍል ውስጥ እሠራለሁ። ባንክ የሚያበድረው የራሱን ገንዘብ አይደለም፣ የአስቀማጩን ነው። ያቺ በቁጠባ ደብተር 500 ብር ያስቀመጠች እናትም ድሃ ናት። መያዣ ላይ ሠራተኛ ይቅደም ካልን ማን ለፋብሪካ ያበድራል? ያልተበደረ ፋብሪካስ ማንን ይቀጥራል? (ከቃሊቲ)

መልስ፦ ወንድሜ፣ ጥያቄዎ ከልብ የመጣ ስለሆነ ከልብ እመልሳለሁ። የአስቀማጯ ነገር ያሳስበኛል። ግን ሁለቱ ሰዎች ባንድ ቦታ አልቆሙም። ባንኩ ከማበደሩ በፊት የሒሳብ መግለጫ አይቷል፣ ንብረት አስገምቷል፣ ወለድ ቆርጧል፣ ብድሩንም ለብዙ ተበዳሪ በትኗል፤ አንዱ ቢወድቅ ሌላው ይሸፍናል። ኦፕሬተሯ ያላት አንድ አሠሪ ነው። እሷ ሳታውቀው አበዳሪ ሆናለች፤ ወሩን ሙሉ ጉልበቷን ቀድማ ሰጥታ በወሩ መጨረሻ ነው የምትከፈለው፣ ወለድ የለው፣ መያዣ የለው።

ደግሞ መጠኑን ያስቡት። ከላይ ያሰብነው 31,500 ብር ነው። በ100 ሠራተኛ ቢባዛ 3,150,000 ብር። የፋብሪካ ብድር በመቶ ሚሊዮኖች በሚቆጠርበት ዘመን ይህ ለባንኩ የትኛው መስመር ላይ ነው የሚታየው? ለ100 ቤተሰብ ግን የቤት ኪራይ ነው፣ የልጅ ደብተር ነው።

አበዳሪ ይሸሻል የሚለው ስጋት ከባድ ነው፣ አልክደውም። መፍትሔ ግን አለው፣ በእናንተው እጅም ያለ ነው። ደመወዝ የሚከፈለው በእናንተ በኩል ከሆነ ፔሮሉ ሲቆም የመጀመሪያው የሚያየው ባንኩ ነው። የብድር ውሉ ውስጥ «ደመወዝ በወቅቱ ስለመከፈሉ በየወሩ ማስረጃ ይቅረብ» የሚል አንቀጽ ማስገባት ምን ይከለክላል? ያልተከፈለ ደመወዝ 3 እና 4 ወር የሚከማቸው ማንም ስለማይጠይቅ ነው። የፈረንሳይ ሕግ ያለፉትን 60 ቀናት ደመወዝ ከሁሉም በላይ አስቀምጦታል፣ ከባለመያዣም በላይ፤ የፈረንሳይ ባንኮች ግን ማበደር አላቆሙም፣ ስሌታቸው ውስጥ አስገብተውታል። ጀርመን ደግሞ አሠሪዎች ከሚያዋጡት ገንዘብ የ3 ወር ደመወዝ ለሠራተኛው በቀጥታ ይከፈለዋል፤ ከዚያ ፈንዱ በሠራተኛው ፋንታ ወረፋ ይይዛል። እንዲህ ያለ ፈንድ እኛም ጋ መቋቋም አለበት ብዬ አምናለሁ። ያኔ እርስዎና እህታችን በአንድ ሕንፃ ላይ አትጓተቱም። እስኪቋቋም ግን ሕጉ የሠራተኛው ክፍያ ይቀድማል ብሏል፣ ይቅደም።

ጥያቄ፦ ሰበታ አንድ የብረታ ብረት ፋብሪካ በር ላይ ጥበቃ ነበርኩ። የቀጠረኝ የጥበቃ ኤጀንሲ ነው። ፋብሪካው ሲዘጋ ኤጀንሲው «ፋብሪካው ስላልከፈለን አንከፍልም» አለን። ወደ ፋብሪካው አጣሪ ልሂድ? (ከሰበታ)

መልስ፦ ጋሼ፣ የእርስዎ አሠሪ ኤጀንሲው ነው። የቀጠረዎት፣ የሚከፍልዎት፣ የሚቆጣጠርዎት እሱ ነው። ፋብሪካው አልከፈለኝም ማለት በእሱና በፋብሪካው መካከል ያለ ጉዳይ ነው፤ በእርስዎ ደመወዝ ላይ ምክንያት አይሆንም። ክስዎን በኤጀንሲው ላይ ያቅርቡ። የ6 ወሩ ይርጋ እርስዎንም ይመለከታል፣ አይዘግዩ። ኤጀንሲው ሥራውን ካልዘጋ እንዲያውም ከፋብሪካው ሠራተኞች ይልቅ የእርስዎ ቀላል ነው፤ የሚከሱት በሕይወት ያለ ድርጅት ነው።

ጥያቄ፦ ቤቴ ሆኜ ለአንድ የባህል ልብስ ላኪ ድርጅት ጥልፍ እጠልፋለሁ። ጨርቁንና ክሩን እነሱ «ይሸጡልኛል»፣ ጠልፌ ስጨርስ ደግሞ «ይገዙኛል»። አሁን ድርጅቱ እየፈረሰ ነው፣ 2 ወር አልከፈሉኝም፣ እጄ ላይ ግን ያለቀላቸው ቀሚሶች አሉ። አጣሪው «መልሺ» ብሎ ደወለልኝ። ልመልስ? (ከፉሪ)

መልስ፦ አትመልሺ፣ ቢያንስ አሁን። ይህ ብዙ ሰው የማያውቀው መብት ነው። ቤቱ ሆኖ የሚሠራ ሠራተኛ ድርጅቱ ሲፈርስ ለድርጅቱ ሠርቶ በእጁ ያለውን ዕቃ ከሚገባው ክፍያ ጋር በሚመጣጠን መጠን ይዞ የማቆየት መብት ሕጉ ሰጥቶታል። «ሸጥንልሽ፣ ገዛንሽ» የሚለውም አያሳስትሽ። ጥሬ ዕቃ ሸጦ የተሠራውን መልሶ የመግዛት ውል ሕጉ በቤት ውስጥ እንደሚሠራ የሥራ ውል ነው የሚቆጥረው።

«በሚመጣጠን መጠን» የምትለዋን ግን አጥብቂያት። የሚገባሽ 8,000 ብር ሆኖ የ40,000 ብር ቀሚስ ይዘሽ ብትቀመጪ ነገሩ ይገለበጥብሻል። ቀሚሶቹን ቁጠሪ፣ ፎቶ አንሺ፣ ድርጅቱ ይገዛሽ በነበረበት ዋጋ አስቢ፣ የሚበልጠውን በፊርማ አስረክቢ። የያዝሽውን ዝርዝርና የሚገባሽን ገንዘብ በደብዳቤ ለአጣሪው አሳውቂ። አትሽጫቸው፣ አትልበሻቸው፣ በንጽሕና አስቀምጫቸው።

ጥያቄ፦ ደመወዜ ላይ በየወሩ 7 በመቶ ለጡረታ ይቆረጥ ነበር። ድርጅቱ ሲዘጋ ገቢ እንዳላደረገው ሰማሁ። ይህንንስ ከክሱ ጋር ልጨምረው? (ከገላን)

መልስ፦ ይህ መንገዱ ሌላ ነው። ከአንቺ የተቆረጠው 7 በመቶና አሠሪው የሚጨምረው 11 በመቶ መግባት ያለበት ለጡረታ ፈንዱ ነው፣ ባለመብቱም ሆኖ የሚያስከፍለው ፈንዱን የሚያስተዳድረው የግል ድርጅት ሠራተኞች ማኅበራዊ ዋስትና ተቋም ነው። ተቀናሹ የሚታይበትን የደመወዝ ወረቀት ይዘሽ እዚያ ሄደሽ በጽሑፍ አመልክቺ። ነገ የአገልግሎት ዘመንሽ ሲቆጠር እነዚህ ወራት እንዳይጎድሉብሽ ማስረጃው ዛሬ ነው የሚያዘው፤ ሂሳብ ክፍሉ ከተበተነ በኋላ የሚፈርምልሽ ሰው አይገኝም።

ጥያቄ፦ እኔ የፋይናንስ ኃላፊ ነበርኩ። የ5 ወር ደመወዝ አለኝ። ሠራተኞቹ «አንተ ማኔጅመንት ነህ፣ ከእኛ ጋር አትከስም» አሉኝ። (ከዱከም)

መልስ፦ የአሠሪና ሠራተኛ አዋጁ የሥራ መሪዎችን አይሸፍንም፤ ስለዚህ የሥራ መሪ ከሆኑ ይህ ቅድሚያም አይደርስዎትም፣ ጥያቄዎ በፍትሐ ብሔር ሕጉ ነው የሚታየው። ግን «ኃላፊ» የሚለው መጠሪያ ብቻውን የሥራ መሪ አያደርግም። የሚታየው ሥልጣንዎ ነው። የድርጅቱን ፖሊሲ ያወጡ ነበር? ሠራተኛ መቅጠር፣ ማዛወር፣ ማገድ፣ ማሰናበት ይችሉ ነበር? በወረቀት «ኃላፊ» ተብለው በተግባር ሂሳብ ሲመዘግቡና የተዘጋጀ ሲፈርሙ ብቻ ከነበሩ፣ የሥራ መደብ ዝርዝርዎን ይዘው ሠራተኛ ነኝ ብለው መከራከር ይችላሉ። በነገራችን ላይ ፔሮሉ እርስዎ ጋ ከነበረ ለእነዚያ ሠራተኞች ከማንም በላይ የሚጠቅሙት እርስዎ ነዎት። ፈራሚም ከነበሩ ያልተከፈለውን የሚያሳይ ዝርዝር ፈርመው ማኅተም ያሳርፉላቸው።